ግማሽና ሲሶ ተደምሮ ለምን ሁለት አምስተኛ አይሆንም?

ጥያቄው የመጣው ከቡሬ ነው። ጠያቂው አባት ናቸው፤ ራሳቸው እስከ ስምንተኛ ክፍል ተምረዋል። እንዲህ ይላሉ፦

«ልጄ አምስተኛ ክፍል ነው። 1/2 + 1/3 ስንት ነው ሲባል 2/5 ብሎ ጻፈና ኤክስ ተደረገበት። እኔ ድሮ የተማርኩት በመስቀለኛ አባዝቶ መደመርን ነው። እሱን ባሳየው ‹መምህራችን ትንሹን የጋራ ብዜት ፈልጉ ነው ያሉን› አለኝ። ቀጥሎ ደግሞ አፋጠጠኝ። ‹በፈተና ከ10 ሰባት አገኘሁ፤ ከ20 አሥራ ሁለት አገኘሁ። ሲደመር ከ30 አሥራ ዘጠኝ ተባልኩ። እዚያ ላይኛውም ታችኛውም ተደምሯል። እዚህ ለምን አይሆንም?› መልስ አጣሁለት። የትኛው መንገድ ነው ትክክል? ወይስ ካልኩሌተር ገዝቼለት ልገላገል?»

ካልኩሌተሩን አይግዙ። ምክንያቱን ወደ ኋላ እነግርዎታለሁ። ልጅዎ የጠየቀው ግን ብዙ አዋቂ ሳይጠይቀው የሚያልፈው ነገር ነው። «ዝም ብለህ እንዳሉህ ሥራ» ተብሎ መዘጋት የለበትም። መልስ አለው፤ መልሱም ክፍልፋይ ምን እንደሆነ ቁልጭ አድርጎ ያሳያል።

መጀመሪያ 2/5ን እንመርምር። ልጁ ግማሽ ነበረው። ሲሶ ተጨመረለት። አሁን 2/5 አለኝ ይላል። አንድ እንጀራ ለአምስት እኩል ይቆረስ። ሁለቱ ቁራሽ ግማሽ ይሞላል? አይሞላም። ግማሽ ለመሙላት ሁለት ቁራሽ ተኩል ያስፈልጋል። ስለዚህ 2/5 ከግማሽ ያንሳል። ተጨምሮለት አነሰበት ማለት ነው። ይህን ለማየት ምንም ሕግ መሸምደድ አያስፈልግም። ልጁ እንዲህ ብሎ ራሱን ቢጠይቅ ኖሮ ኤክሱን ከመምህሩ በፊት ራሱ ያደርገው ነበር።

ታዲያ ለምን አልጠየቀም? ወረቀት ላይ ያሉትን አራት አኃዞች እንደ አራት የተለያዩ ቁጥሮች ስላያቸው ነው። 1፣ 2፣ 1፣ 3። የመደመር ምልክት አለ፤ ስለዚህ ሁሉም ይደመር። ከዓመታት በፊት አንዲት የአምስተኛ ክፍል ልጅ ሰሌዳ ላይ አውጥቼ 1/2 + 1/4 ጻፍኩላት። ጠመኔውን ይዛ ሳትጠራጠር 2/6 ብላ ጻፈች። ምንም አላልኳትም። ይዤው የነበረውን ባዶ የቲማቲም ጣሳ አሳየኋትና «እናትሽ ግማሽ ጣሳ ጤፍ ሰፈረች። ሩብ ጨመረችበት። ስንት ሆነ?» አልኳት። «ሦስት ሩብ» አለች፤ ለማሰብ እንኳ አልቆመችም። ከዚያ ወደ ሰሌዳው ዞረች። ጣሳውን አየች፤ ደግማ የጻፈችውን አየች። በመዳፏ 2/6ን ጠረገችው።

ያቺ ልጅ ክፍልፋይ መደመር ታውቅ ነበር። የማታውቀው ሰሌዳው ላይ ያለው ነገር ከጣሳው ጋር አንድ መሆኑን ነው። ቋንቋችን ራሱ መልሱን ይዞታል፤ «ሦስት ሩብ» እንላለን። ሦስት ብዛት ነው። ሩብ ስም ነው። ሦስት በግ እንደ ማለት ነው። በትምህርት ቤት ቋንቋ ላይኛው ላዕል፣ ታችኛው ታህት ይባላል። ቃላቱ የግዕዝ ናቸው፤ ላይና ታች ከማለት ያለፈ ትርጉም የላቸውም። ሥራቸው ግን ለየቅል ነው። ላዕሉ ስንት እንዳለን ይቆጥራል። ታህቱ የምንቆጥረው ነገር ምን ያህል ቁራሽ እንደሆነ ይሰይማል። ብዛት ይደመራል፤ ስም አይደመርም።

የድሮ ሳንቲም ያስታውሱ። ኪስዎ ውስጥ አንድ ሽልንግና አንድ ሥሙኒ አለ። ስንት አለዎት? «ሁለት» ቢሉ ሁለት ምን? ሁለት ሽልንግም አይደለም፣ ሁለት ሥሙኒም አይደለም። አንዱ ሽልንግ ሁለት ሥሙኒ ነው፤ ስለዚህ በጠቅላላው ሦስት ሥሙኒ አለዎት። ሽልንጉን ሲመነዝሩት ገንዘብዎ አልጨመረም፣ አልቀነሰም። ስሙ ብቻ ተቀየረ። ሽልንግ የብር ግማሽ፣ ሥሙኒ የብር ሩብ ስለሆነ የሠሩት ሒሳብ 1/2 + 1/4 = 2/4 + 1/4 = 3/4 ነው። ታህታቸው የተለያየ ክፍልፋዮችን መደመር ማለት ሳንቲም መመንዘር ነው። ከዚህ የተለየ ምሥጢር የለውም።

የልጅዎ ጥያቄ ላይ ግን መመንዘሩ ትንሽ ይከብዳል። ሲሶ ወደ ግማሽ አይመነዘርም፤ ግማሽም ወደ ሲሶ አይመነዘርም። ለሁለቱም የሚሆን ሦስተኛ ስም መፈለግ አለብን። ዛሬ ማታ ደብተር ላይ አብራችሁ ሣሉት። አራት ማዕዘን ይሥራ። በአግድም ለሁለት፣ በቁም ለሦስት ይከፋፍለው። ስድስት እኩል ካሬ ይወጣል። ይህ አንድ ጥማድ መሬት ነው ይበሉት። ግማሹ ጤፍ ተዘራበት፤ የላይኛውን ረድፍ ሦስት ካሬ ያቅልም። የጥማዱ ሲሶ በቆሎ ሊዘራበት ነው። ከስድስት ካሬ ሲሶው ሁለት ካሬ ነው። ከታችኛው ረድፍ ሁለቱን በሌላ ቀለም ያቅልም። አምስት ካሬ ተያዘ። እያንዳንዱ ካሬ የጥማዱ አንድ ስድስተኛ ስለሆነ መልሱ 5/6 ነው። በወረቀት ሲጻፍ 1/2 + 1/3 = 3/6 + 2/6 = 5/6። ለበርበሬ አንድ ካሬ ተርፏል። ልጁ ያንን ባዶ ካሬ በዓይኑ ሲያየው 2/5 ወደሚለው አይመለስም።

አሁን ወደ ፈተናው። መምህሩ 19 ከ30 ብለው መደመራቸው ልክ ነው። ልጅዎ 1/2 + 1/3 ላይ ያንኑ ማድረጉ ስህተት ነው። ሁለቱም እውነት የሚሆኑት ጥያቄዎቹ የተለያዩ ስለሆኑ ነው። 7 ከ10 ሲባል ሙሉው አሥር ጥያቄ ነው። 12 ከ20 ሲባል ሙሉው ሌላ ነው፤ ሃያ ጥያቄ። ሁለቱ ፈተናዎች ሲቀላቀሉ ሙሉው ራሱ አደገና ሠላሳ ሆነ። የተጠየቀውም «ከሁሉም ጥያቄ ስንቱን መለሰ?» ነው። የመሬቱ ጥያቄ ላይ ግን ሙሉው ያው አንዱ ጥማድ ነው። ጤፍ ሲዘራም አንድ ነው፤ በቆሎ ሲጨመርም አንድ ነው። መሬቱ አላደገም።

እንዲያውም 2/5 ለሌላ ጥያቄ ትክክለኛ መልስ ነው። አንድ ሰው እኩል መጠን ያላቸው ሁለት ማሳ አለው፤ አንዱን አረሰ። ጎረቤቱ ተመሳሳይ ሦስት ማሳ አለው፤ እሱም አንዱን አረሰ። ከአምስቱ ማሳ ስንቱ ታረሰ? ሁለቱ። ልጅዎ የመለሰው ይህንን ነው። ያልተጠየቀውን ጥያቄ በትክክል መለሰ። ይህንኑ ይንገሩት፤ ያበረታታዋል።

የፈተናውን ነገር በሌላ በኩልም ይሞክሩት። 7/10 እና 12/20ን እንደ ክፍልፋይ በእውነት ብንደምራቸው 14/20 + 12/20 = 26/20 ይሆናል። ከአንድ ሙሉ በላይ ነው። እንደ ቁጥር ድምር ልክ ነው፤ እንደ ፈተና ውጤት ግን ትርጉም የለውም። ማንም ከሙሉው በላይ አያገኝም። 19 ከ30 ደግሞ ወደ መቶ ሲቀየር 63 ገደማ ነው። ከ70 (7 ከ10) ያንሳል፤ ከ60 (12 ከ20) ይበልጣል። በሁለቱ መሐል ገባ። ይህ አጋጣሚ አይደለም። ላይኛውን ከላይኛው፣ ታችኛውን ከታችኛው ጋር ሲደምሩ፣ ሁለቱ ክፍልፋዮች እኩል ካልሆኑ በስተቀር የሚወጣው ሁልጊዜ በሁለቱ መሐል ይወድቃል። 2/5ም በ1/3 እና በ1/2 መሐል ነው። ድምር ግን መሐል አይወድቅም፤ ከሁለቱም ይበልጣል። ልጁ ይህንን አንድ ነገር ከያዘ ስህተቱን በራሱ ያውቃል።

ከዚሁ የሚመጣ አንድ ጥንቃቄ አለ። ክፍልፋይ የሚደመረው የአንድ ዓይነት ሙሉ ክፍልፋይ ሲሆን ብቻ ነው። ግማሽ ጥማድና ግማሽ ሄክታር ተደምሮ «አንድ ሙሉ» አይደለም። ጥማድ የሄክታር ሩብ ነው ብለን ካሰላነው፣ ግማሽ ጥማድ ማለት የሄክታር 1/8 ነው። 1/8 + 1/2 = 1/8 + 4/8 = 5/8 ሄክታር። ታህቶቹ አንድ ዓይነት ቢሆኑም እንኳ «የምን ግማሽ?» ብሎ መጠየቅ ግድ ነው።

ወደ ዘዴዎቹ ልምጣ። እርስዎ የተማሩት የመስቀለኛው መንገድ ትክክል ነው። የመምህሩም ትክክል ነው። ሁለቱም መመንዘር ናቸው፤ የሚለያዩት በሚመነዝሩት ሳንቲም መጠን ነው። መስቀለኛው ሁለቱን ታህቶች አባዝቶ የጋራ ታህት ያደርጋል። ይህ ሁልጊዜ ይሠራል፤ ጥቅሙም እሱ ነው። ጉዳቱ ቁጥሩን ማሳበጡ ነው። 5/12 + 7/18ን በመስቀለኛው ብንሠራ ላዕሉ 5 × 18 እና 7 × 12 ተደምሮ፣ ማለትም 90 + 84፣ ታህቱ 12 × 18፣ ማለትም 216 ይሆናል። 174/216 ወጣ። አሁን ይህንን ማቃለል አለ፤ ለስድስት ሲካፈል 29/36። በትንሹ የጋራ ብዜት ብንሄድ የ12 እና የ18 ትንሹ የጋራ ብዜት 36 ነው። 15/36 + 14/36 = 29/36። እዚያው አለቀ። ሦስት ክፍልፋይ ሲሆን ልዩነቱ ይብሳል። 1/2 + 1/3 + 1/4 በ12 ሲሠራ 6/12 + 4/12 + 3/12 = 13/12 ነው። መስቀለኛ የለመደ ልጅ ሦስተኛው ሲመጣ ከየት ወዴት እንደሚያባዛ ይጠፋዋል።

እኔ መስቀለኛውን ለጀማሪ የማልመክረው ግን ቁጥሩ ስለሚያብጥ አይደለም። ምክንያቱ ስለሚደበቅ ነው። ልጁ መስመር ያሰምራል፣ ያባዛል፣ ይደምራል፤ ለምን እንደሆነ አያውቅም። ከዚያ ክፍልፋይ ማባዛት ሲመጣ እዚያም በመስቀለኛ ያባዛል። ማካፈል ሲመጣም እንደዚያው። ሁሉም ይደበላለቅበታል። ስድስተኛና ሰባተኛ ክፍል ላይ ይህን አዘውትሬ አያለሁ፤ ጎበዝ የሚባሉትም ውስጥ አለ።

ትንሹን የጋራ ብዜት መፈለግም ቢሆን እንደ ትልቅ ሥነ ሥርዓት መያዝ የለበትም። ትልቁን ታህት ይያዝና በእሱ እየዘለለ ይቁጠር። 12 እና 18 ከሆኑ፣ «18፤ ለ12 ይካፈላል? አይካፈልም። 36፤ ይካፈላል?» ይካፈላል፤ በቃ። አንዱ ታህት የሌላው ብዜት ከሆነ ሥራው ግማሽ ነው። 1/4 + 3/8 ላይ 8 ራሱ የጋራ ታህት ነው፤ 2/8 + 3/8 = 5/8። ሁለቱ ከ1 በቀር የጋራ አካፋይ ከሌላቸው፣ እንደ 3 እና 5፣ ማባዛት ብቻ ነው፤ 2/3 + 3/5 = 10/15 + 9/15 = 19/15። ልጁ ትንሹን ስቶ ትልቅ የጋራ ብዜት ቢይዝ ደግሞ አልተሳሳተም። 1/4 + 1/6ን በ24 ቢሠራው 6/24 + 4/24 = 10/24 ያገኛል፤ ሲቃለል 5/12። በ12 ቢሠራውም ያው 5/12 ነው። «ትንሹን ካላገኘህ ስህተት ነው» ብለው አያስጨንቁት። ማቃለል ብቻ ይቀረዋል።

ከሁሉም በላይ የሚጎዳው ስህተት ሌላ ቦታ ነው። ልጁ የጋራ ታህቱን በትክክል ያገኛል፤ ከዚያ 1/2 + 1/3ን 1/6 + 1/6 ብሎ ይጽፋል። ታህቱን ቀየረ፤ ላዕሉን ረሳ። ሽልንጉን ሰጥቶ አንድ ሥሙኒ ብቻ ተቀብሎ እንደ መሄድ ነው። ተዘረፈ። ታህቱ በሦስት ከተባዛ ቁራሹ በሦስት እጥፍ አነሰ ማለት ነው። ቁራሹ ካነሰ ደግሞ ብዛቱ በዚያው ልክ መጨመር አለበት። ለዚህ ነው ላዕሉም በሦስት የሚባዛው። ልጅዎ እንዲህ ሲሳሳት ካዩት ወደ ስድስቱ ካሬ ይመልሱት። «ግማሹ ስንት ካሬ ነው?» ይበሉት። አንድ ሊል አይችልም።

በነገራችን ላይ ይህ የጋራ ታህት የሚባል ነገር ለጎጃም ባዕድ አይደለም። በአብነት ትምህርት ቤት ባሕረ ሐሳብ (የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት) የተማረ ሰው በአካባቢዎ ካለ ስለ ኬክሮስ ይጠይቁት። አንድ ዕለት 60 ኬክሮስ ነው። አንድ ኬክሮስ ደግሞ 60 ካልኢት። 60 የተመረጠው በከንቱ አይደለም፤ ለ2፣ ለ3፣ ለ4፣ ለ5፣ ለ6፣ ለ10፣ ለ12 ያለ ቀሪ ይካፈላል። የቀን ሲሶ 20 ኬክሮስ ነው፤ የቀን ሩብ 15። ሲደመር 35 ኬክሮስ። ይህ 1/3 + 1/4 = 20/60 + 15/60 = 35/60 ነው፤ ሲቃለል 7/12። በዚህ አቆጣጠር የፀሐይ ዓመት ከ365 ቀን በላይ 15 ኬክሮስ ገደማ አለው። ያ 15 በአራት ዓመት 60 ይሞላና አንድ ቀን ይሆናል፤ ጳጉሜን ስድስት የምትሆነው ለዚህ ነው። ሊቃውንቱ ዕለትን አስቀድመው በመመንዘራቸው ድምሩ ቀላል የቁጥር ድምር ሆነላቸው። ይህን ለልጅዎ ማሳየት የሚፈልጉ ከሆነ ሰዓትም ያገለግላል፤ ሲሶ ሰዓት 20 ደቂቃ፣ ሩብ ሰዓት 15 ደቂቃ።

ሥዕሉም ሆነ ጣሳው ወሰን አላቸው። 7/11 + 4/13 ሲመጣ 143 ካሬ ሣል ማለት ልጅ መቅጣት ነው። እዚያ ሲደርስ በቁጥር ብቻ መሄድ አለበት፤ 91/143 + 44/143 = 135/143። ሥዕሉ ሥራውን የሚጨርሰው ልጁ ለምን እንደሚመነዘር ሲገባው ነው። ሌላው ወሰን የማባዛት ሠንጠረዥ ነው። ክፍልፋይ ከበደኝ ከሚለኝ ልጅ ብዙ ጊዜ የከበደው ክፍልፋዩ ሳይሆን 6 × 7 ነው። ልጅዎ ሠንጠረዡን እየቆጠረ የሚያወጣ ከሆነ የጋራ ብዜት ፍለጋው ያደክመዋል፤ መጀመሪያ እሱን ያጥብቁለት።

ካልኩሌተሩን አይግዙ ያልኩት በዚህ ምክንያት ነው። 1/3 + 1/6 ልክ ግማሽ ነው፤ 2/6 + 1/6 = 3/6። በተራ ካልኩሌተር ሁለቱን አካፍለው ቢደምሩ አንዳንዱ 0.4999999 ያሳይዎታል፤ ማሽኑ 0.333… የሚለውን መሐል ላይ ስለሚቆርጠው ነው። ከዚህ የሚብሰው ግን ወደፊት የሚመጣው ነው። ከፍ ወዳሉት ክፍሎች ሲደርስ ታህቱ ቁጥር መሆኑ ይቀርና ፊደል ይሆናል። 1/ሀ + 1/ለ ስንት ነው ሲባል ተራ ካልኩሌተር ምንም አይረዳም። ዛሬ መመንዘር የገባው ልጅ ያን ጊዜ ያንኑ ያደርጋል።

ስለዚህ ቁርጥ ያለው ምክሬ ይህ ነው። የመምህሩን መንገድ ይያዝ። መስቀለኛውን ለጊዜው ይተዉት፤ «የመምህርህ ይሻላል፣ የእኔን በኋላ አሳይሃለሁ» ይበሉት፤ እርስዎና መምህሩ ሁለት አቅጣጫ ከጎተታችሁት ልጁ ሁለቱንም ይጥላል። ለሁለት ሳምንት ማታ ማታ አሥር ደቂቃ ይበቃል። በአንድ ማታ ከሦስት ጥያቄ በላይ አይስጡት። እርሳስ ከማንሳቱ በፊት ግን ሁልጊዜ አንድ ነገር ይጠይቁት፤ «መልሱ ከግማሽ ይበልጣል? አንድ ይሞላል?» ከገመተ በኋላ ይሥራ። ግምቱና መልሱ ካልተገናኙ ራሱ ይፈልግ፤ እርስዎ አይንገሩት።

ድብልቅ ቁጥር ሲመጣ፣ ለምሳሌ ሁለት ተኩል ኩንታል በቆሎና አንድ ኩንታል ከሁለት ሦስተኛ፣ ሙሉውን ለብቻ ይደምር። ሁለትና አንድ ሦስት። ቀጥሎ 1/2 + 2/3 = 3/6 + 4/6 = 7/6። ሰባት ስድስተኛ አንድ ሙሉና አንድ ስድስተኛ ነው። በጠቅላላው አራት ኩንታል ከአንድ ስድስተኛ። እዚህ ላይ ልጆች ያቺን አንድ ሙሉ ትተዋት ያልፋሉ፤ ስለዚህ ሲጨርስ «ሰባቱ ስድስተኛ የት ገባ?» ብለው ይጠይቁት።

ለዛሬ ማታ 1/4 + 3/8 ይስጡት። ከተሳካለት ነገ 1/2 + 2/5፣ ከነገ ወዲያ 1/6 + 3/4። ሦስተኛው ላይ 24ን ይዞ ቢመጣ ይተዉት፤ 22/24 ላይ ሲደርስ ብቻ «ይህ ይቃለላል?» ይበሉት።